ፊታችሁን አሳርፉት

ልጆቼ፣

ሰሞኑን ልምምድ ላይ አንዳችሁ «ጋሼ፣ መሪ ተዋናይ የምሆነው መቼ ነው?» ብላችሁ ጠየቃችሁኝ። ያን ቀን ዝም አልኩ። ማታ ቤቴ ገብቼ ሳብሰለስለው ግን አንድ የፊንላንድ ተዋናይ ትዝ አለኝ። ማቲ ፔሎንፓ ይባላል።

መጀመሪያ የራሴን ጉድ ልንገራችሁ። በእናንተ ዕድሜ የዘበኛ ገጸ ባሕሪ ተሰጠኝ። ሦስት መስመር ብቻ! አኮረፍኩ። ከዚያ «ቆይ አሳያቸዋለሁ» ብዬ ቅንድቤን ሳነሳ፣ ከንፈሬን ስነክስ፣ ከኋላ ስንቆራጠጥ አመሸሁ። ተመልካቹ ሳቀ። ትዕይንቱ ግን እናት የልጇን መርዶ የምትሰማበት ነበር። መጋረጃው ሲዘጋ አዘጋጁ ትከሻዬን ይዞ «አንተ ልጅ፣ እባክህ ፊትህን አሳርፈው» አለኝ። ነገሩ የገባኝ ከብዙ ዓመት በኋላ ፔሎንፓን ሳይ ነው።

ሰውዬው እ.ኤ.አ. በ1951 ሄልሲንኪ ተወለደ። መልክ አለው አይባልም። የተንጠለጠለ ሪዝ፣ ወደ ኋላ የተበጠረ ፀጉር፣ እንቅልፍ ያጣ የሚመስል ዓይን። ገና በልጅነቱ የሬዲዮ ድራማ ይሠራ ነበር። ምስጢሩ እዚያ ይመስለኛል። ሬዲዮ ላይ ፊት ሥራ የለውም። ሁሉን በድምፅ ማድረስ የለመደ ልጅ፣ ካሜራ ፊት ሲቆም አይጨነቅም። በኋላ የቴአትር ትምህርቱን ጨረሰ፣ መድረክ ላይ ሠራ፣ ከዚያም አኪ ካውሪስማኪ የሚባለው ዳይሬክተር ከመጀመሪያ ፊልሙ ጀምሮ ያዘው። በ1986 በወጣ ፊልሙ የቆሻሻ መኪና ሠራተኛ ሆኖ ተጫወተ። በ1992 ደግሞ ፓሪስ ውስጥ የሚኖር ድሃ አልባኒያዊ ሠዓሊ። ፊልሙ በፈረንሳይኛ ነው፤ እሱ ፈረንሳይኛ አይችልም። ቃሉን በድምፅ ሸምድዶ ተጫወተው። ያ ሥራ የአውሮፓ ምርጥ ተዋናይ አሰኘው። የሬዲዮው ልጅ!

አንድ ትዕይንት ብቻ እዩልኝ። የአሜሪካዊው ዳይሬክተር የጂም ጃርሙሽ የ1991 ፊልም ውስጥ ነው። ሄልሲንኪ፣ በረዶ፣ ሊነጋ ሲል። ፔሎንፓ ታክሲ ሹፌር ነው። የጫናቸው ሦስት ሰካራሞች ናቸው፤ አንዱ ጭልጥ ብሎ ተኝቷል። ሁለቱ የተኛውን ጓደኛቸውን መከራ ያወሩለታል፤ ሥራው ሄደ፣ መኪናው ሄደ፣ ትዳሩ ሄደ። ሹፌሩ ይሰማል። ከዚያ የራሱን ይነግራቸዋል። ያለጊዜዋ የተወለደች ልጁ አንድ ሳምንት አትቆይም ተብሎ፣ ሐዘኑን ፈርቶ ላለመውደድ ወስኖ ነበር። ልጅቷ ግን ሳምንት አለፋት። በመጨረሻ ሊወዳት ቆረጠ። ሞተች። ከኋላ ያሉት ስቅስቅ ብለው ሲያለቅሱ እሱ ድምፁን እንኳ ከፍ አያደርግም። ልብ በሉልኝ፤ እንባውን ለእነሱ ትቶላቸዋል። እኔ ብሆን መሪውን እየደበደብኩ አለቅስ ነበር። የኛ ሰውም «አቤት ትወና!» ይለኝ ነበር።

አንድ ነገር ደግሞ ላስጠንቅቃችሁ። ይህን ሰው የሚያደንቁ ወጣቶች መጀመሪያ የሚቀዱት ሲጋራውንና መጠጡን ነው። ልብ ድካም በ44 ዓመቱ ወስዶታል፤ በ1995 ክረምት። መቅዳት ካማራችሁ አሰማሙን ቅዱ፤ እሱ ደግሞ ከሲጋራው ይከብዳል።

ካውሪስማኪ ያኔ ለእሱ ብሎ ያሰበው ዋና ገጸ ባሕሪ ነበረው። ፔሎንፓ ሲሞት ታሪኩን ቀየረና ከፔሎንፓ ጋር ብዙ ጊዜ ለተወነችው ተዋናይት፣ ለካቲ ኦውቲነን፣ ሰጣት። ፊልሙ በ1996 ወጣ። እዚያ ውስጥ ልጇን ያጣች ሴት ናት። ቤቷ የተቀመጠ የአንድ ትንሽ ልጅ ፎቶ አለ፤ ቆማ ታየዋለች። ምንም አትልም። ፎቶው የፔሎንፓ የልጅነት ፎቶ ነው።