የለንደኑ የፀሐይ ሰዓት አዲስ አበባ ላይ ለምን ሳተ?

ከአዲስ አበባ አንድ የሰበካ ጉባኤ አባል እንዲህ ሲሉ ጠይቀዋል፦ «ለንደን የሚኖሩ ምእመናን ለደብራችን የነሐስ የፀሐይ ሰዓት አመጡልን። ጥር ላይ ግቢው ውስጥ በሲሚንቶ ተከልነው። ያኔ ሃያ ደቂቃ ገደማ ብቻ ነበር የሚዘገየው። ሰኔ ሲገባ ግን ጠዋት ከሁለት ሰዓት በላይ ወደ ኋላ ይቀራል፣ ከሰዓት ደግሞ ይቀድማል። አንድ በያጅ ክንፉን በግራይንደር ቆርጠን እናስተኛው ይላል። እንቁረጠው?»

አባቴ፣ ግራይንደሩን ያስቀምጡልኝ! ዕቃው አልተበላሸም። የተሠራው ለሌላ ሰማይ ስለሆነ ነው።

ጥላ የሚጥለው ክንፍ የላይኛው ጠርዙ መሬት ከምትሽከረከርበት ዘንግ ጋር ትይዩ መሆን አለበት። ስለዚህ ከአግድም የሚነሳበት ማዕዘን የቦታው ኬክሮስ ነው። ለንደን 51 ዲግሪ ተኩል ነው፣ አዲስ አበባ 9 ዲግሪ። ማዕዘኑ ሲስት ጥላው በየወሩ ሌላ ይናገራል። ታህሣሥና ጥር ላይ ስህተቱ ትንሽ ነው። ሰኔ ላይ ፀሐይዋ ወደ ሰሜን ስትሻገርብን ነው ጉዱ የሚወጣው። ስድስት ሰዓት ላይ ግን ያን ያህል እንደማይስት ልብ ብለው ይሆናል። ያኔ ፀሐይም ክንፉም በአንድ የሰሜንና ደቡብ መስመር ላይ ናቸው።

ክንፉን ብቻ ቢቆርጡት ሳህኑ ላይ የተቀረጹት መስመሮች የለንደን ሆነው ይቀራሉ። ለንደን ላይ በስድስትና በዘጠኝ ሰዓት መስመሮች መካከል 38 ዲግሪ አለ። እኛ ጋ ጠፍጣፋ ሳህን ላይ ያው ሦስት ሰዓት 9 ዲግሪ ውስጥ ይታጨቃል። ሁለት ስህተት ይዘው ይቀራሉ ማለት ነው።

መላው ሳህኑን እንዳለ ማዘንበል ነው። የሁለቱ ከተሞች ልዩነት 42 ዲግሪ ተኩል ነው። በዚህ ማዕዘን የድንጋይ ወይም የኮንክሪት ሽብልቅ ያሠሩ። የደቡቡ ጫፍ ከፍ፣ የሰሜኑ ዝቅ ይበል። ያኔ ክንፉ ወደ ሰሜን 9 ዲግሪ ብቻ ቀና ብሎ ይቀራል። ሳህኑ ለንደን እንዳለ ነው የሚሠራው፣ መስመሮቹም ይገጥማሉ። አንድ ዕዳ ግን አለው። የለንደንን አጭር የክረምት ቀንም ይዞ ይመጣል። ታህሣሥ ላይ ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት በፊትና ከአሥር ሰዓት በኋላ ሳህኑ ላይ ፀሐይ አያርፍም። በዐቢይ ጾም ዘጠኝ ሰዓትን ለመጠበቅ ግን ምንም አይላችሁም።

ሰሜንን በኮምፓስ አይፈልጉ። ቆርቆሮ አጥርና ፌሮ ያሳስቱታል። ቀጥ ያለ ዘንግ በቱንቢ አስተካክለው ይትከሉ፣ ዙሪያውን በገመድ ክብ ይሥሩ። ጠዋት የጥላው ጫፍ ክቡን ሲነካ ምልክት ያድርጉ። ከሰዓት ሲነካም እንዲሁ። ከሁለቱ ምልክቶች መሃል ወደ ዘንጉ የሚሄደው መስመር ሰሜንና ደቡብ ነው። አንድ ቀን ሙሉ ይፈጃል፣ ግን አይዋሽም። ሚያዝያ 5 እና ነሐሴ 24 ገደማ ግን አይሞክሩት። ፀሐይዋ አናት ላይ ስለምትውል ጥላው ቀኑን ሙሉ በአንድ መስመር ወዲያና ወዲህ ይሄዳል፣ እኩለ ቀን ላይም ይጠፋል።

ሁሉም ከተስተካከለ በኋላም ከእጅ ሰዓትዎ ጋር አይስማማም። የአገራችን ሰዓት የሚቆጠረው ኦጋዴንን በሚያቋርጠው በ45 ዲግሪ ኬንትሮስ ነው። አዲስ አበባ ከዚያ ወደ ምዕራብ 6 ዲግሪ ያህል ስለምትርቅ 25 ደቂቃ ወደ ኋላ ትቀራለች። በዚህ ላይ የፀሐይዋ የራሷ አመል አለ። የካቲት 4 አካባቢ ልዩነቱ 39 ደቂቃ ይደርሳል፣ ጥቅምት 24 አካባቢ ወደ 9 ይወርዳል። አንዳንዶች ቁጥሮቹን አዙረው ያርማሉ። እኔ አልወድም። ጥላቸውን በጫማ እየለኩ ሰዓት ይቆጥሩ የነበሩ አባቶች የሚያውቁት የፀሐይዋን ስድስት ነው። የማካካሻ ደቂቃዎቹን በወር በወር በትንሽ ሰሌዳ ጽፎ ጎኑ መስቀል ይበቃል።

አንድ ቀን እዚሁ ለማሠራት ካሰባችሁ ሌላ ዓይነት ልምከርዎ። ሳህኑ ወደ ሰሜን ቀና ብሎ 9 ዲግሪ ብቻ ይጋደም። ከላዩ 10 ሳንቲሜትር ከፍ ብሎ፣ ከሳህኑ ትይዩ፣ በሰሜንና ደቡብ አንድ ብረት ይለፍ። ስድስት ሰዓት ልክ ከብረቱ ሥር ነው። ሰባት ከዚያ በስተምሥራቅ 2.7 ሳንቲሜትር፣ ስምንት 5.8፣ ዘጠኝ 10፣ አሥር 17.3 ይርቃሉ። የጠዋቶቹ አምስት፣ አራት፣ ሦስት፣ ሁለት በዚያው ልክ በስተምዕራብ። መስመሮቹ ሁሉ ትይዩ ስለሆኑ ደህና ድንጋይ ጠራቢ በማስመሪያ ይጨርሰዋል።