የፍራፍሬና የስፓርክሊንግ ወይን ኮክቴል፦ ጥያቄና መልስ

በሞቃት ወራት ለሚደረግ ግብዣ ከፍራፍሬና ከስፓርክሊንግ ወይን፣ ማለትም ጋዝ ካለው ወይን፣ ስለሚዘጋጅ ኮክቴል የቀረቡልኝን ጥያቄዎች ከዚህ በታች እመልሳለሁ። ይህን መጠጥ ለጥቂትም ለብዙም ሰው ለዓመታት ሳዘጋጅ የተረዳሁት ነገር ቢኖር፣ መጠጡን መጠጥ የሚያሰኘው ጋዙ መሆኑን ነው። ስለዚህ አብዛኞቹ መልሶቼ ጋዙ ከጠርሙሱ ወጥቶ እንግዳው እጅ እስኪገባ ድረስ እንዴት ተጠብቆ እንደሚቆይ የሚመለከቱ ናቸው።

ጥያቄ፦ እስከ ዛሬ ሠርቼ አላውቅም። ከየትኛው ብጀምር ይሻላል? መጠኑስ ስንት ነው?

መልስ፦ በቤሊኒ ይጀምሩ። ቤሊኒ በጣሊያን አገር፣ በቬኒስ ከተማ በሚገኘው ሃሪስ ባር የተፈጠረ መጠጥ ነው፤ የባሩ መሥራች ጁሴፔ ቺፕሪያኒ ስያሜውን የወሰደው ከቬኒሱ ሠዓሊ ከጆቫኒ ቤሊኒ ነው። የሚገቡበት ሁለት ነገሮች ብቻ ናቸው፦ የተፈጨ ነጭ ኮክና ፕሮሴኮ የተባለው የጣሊያን ወይን። መጠኑ አንድ እጅ ኮክ ለሁለት እጅ ወይን ሲሆን፣ ለአንድ ብርጭቆ 50 ሚሊ ሊትር ኮክና 100 ሚሊ ሊትር ወይን ይበቃል። ነጩ ኮክ ካልተገኘ ቢጫውም ይሆናል፤ ቀለሙ ይደምቃል፣ ጣዕሙም ትንሽ ይኮመጥጣል እንጂ መጠጡን አያበላሸውም።

ኮኩ ሲነኩት ለስለስ የሚልና ሽታው ከሩቅ የሚጠራ መሆን አለበት። ቂጡ ላይ በቢላ የመስቀል ምልክት ካደረጉበት በኋላ ለግማሽ ደቂቃ ያህል በፈላ ውኃ ነክረው ወዲያው ቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ ቢጨምሩት ልጣጩ በጣት ሲስቡት ይወልቃል። ፍሬውን አውጥተው ከጥቂት የሎሚ ጭማቂ ጋር ይፍጩት፤ ሎሚው የሚያስፈልገው የተፈጨ ኮክ አየር ሲያገኘው በፍጥነት ስለሚጠቁር ነው። ከዚያም በጥሩ ወንፊት አጥልለው ማቀዝቀዣ ውስጥ ያስቀምጡት። ሊያቀርቡ ሲሉ መጀመሪያ ኮኩን በብርጭቆው ያድርጉ፤ ብርጭቆውን ዘንበል አድርገው ከወይኑ ሲሶውን ብቻ በጎን በኩል በዝግታ ያንቆርቁሩ። አረፋው ወደ ብርጭቆው አፍ ይወጣና ጥቂት ቆይቶ ይወርዳል። ሲወርድ ቀሪውን ይጨምሩና ረጅም እጀታ ባለው ማንኪያ ከታች ወደ ላይ አንድ ጊዜ ብቻ ከፍ ያድርጉት። ከዚያ በላይ ማማሰል ጋዙን ማባረር ነው።

ጥያቄ፦ የተፈጨ እንጆሪ ላይ ወይን ስጨምር ገንፍሎ ጠረጴዛው ላይ ፈሰሰ፤ የቀረውም ብርጭቆ ውስጥ ሞቶ እንደ ተራ ጭማቂ ሆነ። ጥፋቱ ከወይኑ ነው ወይስ ከእኔ?

መልስ፦ ወይኑ ምንም ጥፋት የለበትም። ጠርሙሱ ውስጥ ያለው ጋዝ ካርቦን ዳይኦክሳይድ ነው፤ ጠርሙሱ እንደተከደነ በግፊት ኃይል ወይኑ ውስጥ ሟሙቶ ይቀመጣል። ቡሹ ሲነሣ ለመውጣት ዝግጁ ይሆናል፤ ነገር ግን ጠብታ አየር ሆኖ ለመነሣት መነሻ የሚሆነው ሸካራ ነገር፣ ለምሳሌ ጭረት ወይም ብናኝ ይፈልጋል። በንጹሕና በለስላሳ ብርጭቆ ውስጥ አረፋው ከጥቂት ነጥቦች ብቻ እንደ ክር እየተመዘዘ የሚወጣው ለዚህ ነው። የተፈጨ እንጆሪ ግን በፍሬ ቅንጣትና በቃጫ የተሞላ ስለሆነ፣ በአንድ ጊዜ እልፍ መነሻ ሲያገኝ ጋዙ ሁሉ በአንድ ትንፋሽ ይወጣል። ያልሟሟ ስኳርም ይህንኑ ያደርጋል።

መድኃኒቱ ሦስት ነገር ነው። አንደኛ፣ እንጆሪውን በጥሩ ወንፊት፣ ቢቻል ሁለት ጊዜ፣ ያጥልሉት። ሁለተኛ፣ ጣፋጭነት ከፈለጉ ስኳሩን እንዳለ አይጨምሩ፤ እኩል ስኳርና ውኃ አሙቀው ካሟሙ በኋላ አቀዝቅዘው ሽሮፑን ይጠቀሙ። ሦስተኛውና ዋነኛው ቅዝቃዜ ነው። ጋዝ በቀዝቃዛ ፈሳሽ ውስጥ ይረጋል፣ በሞቀ ፈሳሽ ውስጥ ግን አይቆይም፤ ስለዚህ ወይኑ ቀዝቅዞ ፍራፍሬው ከብሌንደር እንደወጣ ለብ ያለ ከሆነ ድካሙ ከንቱ ነው። እኔ ፍራፍሬውን ከዋዜማው ፈጭቼ አሳድረዋለሁ፤ ሲያድር በመፍጨት የገባበት አየርም ይወጣለታል።

ጥያቄ፦ የግድ ሻምፓኝ መሆን አለበት? ጠርሙሱ ላይ የሚጻፈው «ብሩት»፣ «ኤክስትራ ድራይ» የሚለውስ ምን ማለት ነው?

መልስ፦ የግድ አይደለም፤ እንዲያውም ሻምፓኙን ለብቻው ቢጠጡት እመርጣለሁ። የሻምፓኝ ጋዝ የሚፈጠረው ወይኑ በጠርሙሱ ውስጥ ለሁለተኛ ጊዜ ሲብላላ ነው፤ የስፔኑ ካቫም እንዲሁ ይሠራል። በዚህ ሂደት የሚገኘው የዳቦ ዓይነት ረቂቅ ጣዕም በፍራፍሬ ሥር ይቀበራል። ፕሮሴኮ ግን በአብዛኛው በትልቅ የተዘጋ ታንክ ውስጥ ተብላልቶ ጋዙን ከያዘ በኋላ ወደ ጠርሙስ የሚገባ ስለሆነ፣ የራሱ የፍራፍሬ ሽታ ጎልቶ ይቆያል፤ ከኮክና ከእንጆሪ ጋርም ይስማማል።

ጽሑፉ የሚናገረው የስኳሩን መጠን ነው። ብሩት በሊትር ከ12 ግራም በታች፣ ኤክስትራ ድራይ ከ12 እስከ 17፣ ድራይ ወይም ሴክ ከ17 እስከ 32፣ ደሚ ሴክ ከ32 እስከ 50 ግራም ስኳር ይይዛሉ። ብዙ ሰው «ኤክስትራ ድራይ» ሲባል ከሁሉም ያነሰ ስኳር ያለበት ይመስለዋል፤ ከብሩት ግን ይበልጥ ይጣፍጣል። ፍራፍሬው ራሱ ጣፋጭ ስለሆነ ብሩት ይግዙ። ሲያንስ ሽሮፕ መጨመር ይቻላል፤ ሲበዛ ግን መቀነስ አይቻልም።

ጥያቄ፦ እንግዶች ሊደርሱ ነው፣ ወይኑ ግን ሙቅ ነው። ፍሪዘር ውስጥ ላድርገው?

መልስ፦ እባክዎ አያድርጉ፤ ከተረሳ ወይኑ ሲረጋ ስለሚሰፋ ጠርሙሱ ሊፈነዳ ይችላል። በባልዲ ውስጥ በረዶና ውኃ እኩል አድርገው አንድ ሁለት እፍኝ ጨው ይጨምሩበትና ጠርሙሱን እስከ አንገቱ ይንከሩት። በግማሽ ሰዓት ገደማ ከ6 እስከ 8 ዲግሪ ሴልሺየስ ወዳለው ተስማሚ ቅዝቃዜ ይደርሳል። በረዶ ብቻውን ጠርሙሱን የሚነካው እዚህም እዚያም ስለሆነ ይዘገያል፤ ውኃው ግን ዙሪያውን ይይዘዋል።

ጥያቄ፦ ቡሹ ይተኮሳል ብዬ ስለምፈራ ጠርሙስ መክፈት አልደፍርም።

መልስ፦ ፍርሃትዎ ተገቢ ነው። በሻምፓኝ ጠርሙስ ውስጥ ከ5 እስከ 6 አትሞስፌር የሚደርስ ግፊት አለ፤ ይህም ከመኪና ጎማ ግፊት ከእጥፍ በላይ ነው፤ ቡሹ ዓይን ቢመታ ከባድ ጉዳት ያደርሳል። ጠርሙሱ የቀዘቀዘና ያልተናወጠ ይሁን። አፉን ሰው ወደሌለበት አቅጣጫ አዙረው በ45 ዲግሪ ያዘንብሉት። ሽቦውን ሲያላሉ አውራ ጣትዎ ከቡሹ ላይ አይነሣ፤ ሽቦው ከላላበት ጊዜ ጀምሮ ቡሹ በራሱ ሊወጣ ይችላል። ከዚያም ቡሹን በፎጣ አጥብቀው ይዘው፣ ቡሹን ሳይሆን ጠርሙሱን ከታች በዝግታ ያዙሩ። ቡሹ ወደ ላይ ሲገፋ እርስዎ ወደ ታች እየተጫኑ ይመልሱት። በመጨረሻ የሚሰማው ድምፅ ቀስ ያለ እስትንፋስ ብቻ ከሆነ በትክክል ከፍተዋል፤ ጋዙም ጠርሙሱ ውስጥ ቀርቷል።

ጥያቄ፦ በረዶ ልጨምርበት?

መልስ፦ አይጨምሩ፤ ሲቀልጥ ያቀጥነዋል። በምትኩ በአንድ ሳህን ላይ ተራርቀው የተደረደሩ የእንጆሪ ወይም የወይን ፍሬዎችን በፍሪዘር እስኪጠነክሩ አቀዝቅዘው ሁለት ሦስቱን ብርጭቆው ውስጥ ይጣሉ።

ጥያቄ፦ ከኮክና ከእንጆሪ ሌላ የትኞቹ ፍራፍሬዎች ይሆናሉ?

መልስ፦ ሮማን በጣም ይመከራል፤ ጭማቂው ጥርት ያለ ስለሆነ አረፋውን አያናውጥም፣ ቀለሙም ያምራል። የብርቱካን ጭማቂ ከወይን ጋር እኩል በእኩል ሲሆን ሚሞዛ ይባላል፤ ብርቱካኑ በዕለቱ የተጨመቀ ካልሆነ ግን ባይሠሩት ይሻላል። ማንጎ ጥሩ ነው፤ ነገር ግን ከባድ ስለሆነ ከታች ይዘቅጣል፣ ስለዚህ በጥቂት የሎሚ ጭማቂና ውኃ ያቅጥኑትና መጠኑን ወደ አንድ እጅ ለሦስት ዝቅ ያድርጉት። ሐብሐብ የራሱ ጣዕም ቀላል ስለሆነ ሎሚና ጥቂት የናና ቅጠል ይፈልጋል። ናናውን በመዳፍዎ መካከል አንድ ጊዜ ያጨብጭቡት እንጂ አይውቀጡት፤ ሲወቀጥ ይመራል። ሙዝን አልመክርም፤ ወፍራምነቱ ከአረፋ ጋር አይሄድም።

ጥያቄ፦ ለ20 ሰው ስንት ጠርሙስ ያስፈልገኛል? አስቀድሜ በአንድ ትልቅ ዕቃ ቀላቅዬ ላስቀምጠው እችላለሁ?

መልስ፦ ለእያንዳንዱ ሁለት ብርጭቆ ብንይዝ 40 ብርጭቆ ይሆናል። በአንዱ 100 ሚሊ ሊትር ወይን ስለሚገባ በጠቅላላው 4 ሊትር፣ ማለትም ባለ 750 ሚሊ ሊትሩ ጠርሙስ 6 ያስፈልግዎታል። የተጣራው ፍራፍሬ 2 ሊትር ነው፤ ልጣጩ፣ ፍሬውና በወንፊት የሚቀረው ስለሚቀነስ 3 ኪሎ ያህል ኮክ ይግዙ።

አስቀድሞ መቀላቀሉን ግን ፈጽሞ አይሞክሩት። አንድ ግብዣ ላይ መጠጡ እንግዶች ከመምጣታቸው ከአንድ ሰዓት በፊት በሰፊ ጎድጓዳ ሳህን ተቀላቅሎ አይቻለሁ፤ ሲቀዳ አንዲት የአረፋ ጠብታ አልነበረችበትም፣ ያ ሁሉ ወይንም ባከነ። ፍራፍሬውን በጆግ አቀዝቅዘው ያቆዩ፤ ብርጭቆዎቹን ደርድረው በእያንዳንዱ 50 ሚሊ ሊትር ያድርጉ፤ ጠርሙሱን እንግዶች ከተቀመጡ በኋላ ይክፈቱ። አንዱ ጠርሙስ ሳያልቅ ሌላው አይከፈት።

ጥያቄ፦ ከእንግዶቼ መካከል የማይጠጡ አሉ፤ ልጆችም ይመጣሉ። ለእነሱ ምን ላቅርብ?

መልስ፦ ያንኑ የተጣራ ፍራፍሬ በቀዘቀዘ ጋዝ ያለው ውኃ ይሥሩላቸው፤ ውኃው የወይኑን ኮምጣጣነት ስለማይተካ የሎሚ ጭማቂና ትንሽ የዝንጅብል ሽሮፕ ይጨምሩ። በተመሳሳይ ረጅም ብርጭቆ ያቅርቡላቸው፤ እንግዳ ተለይቶ እንዲታይ ማድረግ ተገቢ አይደለም። ጆጎቹ ግን እንዳይደባለቁ በተለያየ ጠረጴዛ ይቀመጡ። ለሚጠጡትም ይንገሯቸው፦ ወይኑ 11 በመቶ አልኮል ካለው፣ በአንድ እጅ ለሁለት የተቀላቀለው ኮክቴል ከ7 በመቶ በላይ አልኮል ይይዛል፤ ጣፋጭነቱና ቅዝቃዜው ግን ይህን ይሸፍኑታል። መኪና የሚነዳ ሰው ከማይጠጡት ጆግ ይቀዳለት።

ጥያቄ፦ ጠርሙሱ ሳያልቅ ቢቀር አፉ ላይ ማንኪያ ሰክቶ ማሳደር ጋዙን ይጠብቀዋል ይባላል። እውነት ነው?

መልስ፦ እውነት አይደለም፤ ማንኪያው ምንም አይከድንም። ለስፓርክሊንግ ወይን ተብሎ የሚሠራውን፣ የጠርሙሱን አንገት በሁለት ክንፍ የሚይዘውን ክዳን ይጠቀሙና ማቀዝቀዣ ውስጥ አቁመው ያሳድሩት። በማግስቱ ከጠጡት ጋዙ አብዛኛው ይቆያል። ጋዙ ከለቀቀው ደግሞ ከተረፈው ኮክ ጋር ቀላቅለው በበረዶ መሥሪያ ሳህን ያርጉት፤ አልኮል ስላለበት እንደ ድንጋይ አይጠነክርም፣ በሹካ እየፈረፈሩ በማንኪያ ይበላል።