የሰረቀኝን አንቺው ፍረጂበት

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ ጋሼ። የምኖረው እንግሊዝ አገር፣ ብሪስቶል ነው። በቅርቡ ልጆቼን ይዤ ባዝ ከተማ ያለውን የሮማውያን መታጠቢያ አሳየኋቸው። ቦታው ሱሊስ የምትባል የአገሬው እንስት አምላክ ትመለክበት የነበረ ነው ተባልን። ሮማውያን አገሩን ከያዙ በኋላ ለምን አላጠፏትም? ብረት ላይ የተጻፉት እርግማኖችስ ምንድን ናቸው? ትልቋ ልጄ ጠይቃኝ መልስ አጣሁ።

መልስ፦ እህቴ፣ ሮማውያን እ.ኤ.አ. በ43 ብሪታንያን ሲወሩ ያንን የሱሊስን ፍል ውሃ አልደፈኑትም። ዙሪያውን ገንብተው ቤተ መቅደስ ሠሩለት፤ ባለቤቲቱንም ከራሳቸው የጥበብ አምላክ ከሚነርቫ ጋር አጣምረው «ሱሊስ ሚነርቫ» አሏት። የአገሬው ስም እንደሚቀድም ልብ በይ። በሮማ ሰው እምነት እያንዳንዱ ቦታ የራሱ ባለቤት አለው፤ ያንን ባለቤት ማስቀየም ለገዢውም አይበጅም። ደግነት ግን አትበይው። እዚያው ብሪታንያ፣ በ60 ገደማ፣ ድሩይድ የሚባሉትን የአገሬውን ካህናት አንግልሲ ደሴት ድረስ ሄደው ፈጅተዋቸዋል፤ የሚያመልኩባቸውን ዛፎችም ቆርጠዋል።

ብረት ያልሽው በአብዛኛው እርሳስና ቆርቆሮ የተቀላቀለበት ስስ ጠፍጣፋ ነው። ወደ 130 የሚሆኑት ከምንጩ ውስጥ ወጥተዋል። እኔ እርግማን ከምላቸው አቤቱታ ብላቸው እመርጣለሁ። ሶሊኑስ የሚባል ሰው የመታጠቢያ ቀሚሱና ካባው ተሰርቆበታል። ታዲያ ለሱሊስ «ልብሴን ላንቺ ሰጥቻለሁ» ብሎ ይጽፍና፣ ሌባው ልብሱን ወደ ቤተ መቅደሷ እስኪያመጣ ድረስ እንቅልፍም ጤናም እንዳትሰጠው ይለምናታል። ብልሃቱ እዚህ ላይ ነው፤ ልብሱ የእሷ ከሆነ ሌባው የሰረቀው እሷን ነው። ሰውየው ጉዳዩን ከራሱ ትከሻ አውርዶ ዳኛዋ ላይ ጫነው።

ታሪክ ሳስተምር በኖርኩባቸው ዓመታት ስለ ሮማ የማወራው የጦር አለቃና የንጉሠ ነገሥት ነገር ነበር። ካባው የጠፋበትን ሰው ድምፅ የሰማሁት ከእነዚህ ጽሑፎች ነው፤ ለዚህ ነው የምወዳቸው።

ለልጅሽ ደግሞ አኒያኑስ የሚባለውን ሰው አቤቱታ ንገሪያት። ጠዋት ከቦርሳው ስድስት የብር ሳንቲም ተወስዶበታል። ሌባውን ስለማያውቀው አንድም ሰው እንዳያመልጥ ይዘረዝራል፦ ወንድ ይሁን ሴት፣ ወንድ ልጅ ይሁን ሴት ልጅ፣ ባሪያ ይሁን ነጻ፣ «አረማዊ ይሁን ክርስቲያን»። ክርስትና እዚያ ደርሷል ማለት ነው፤ አኒያኑስ ግን ሳንቲሞቹን እንድታስመልስለት የጠየቀው አሁንም «እመቤቴ» የሚላትን የፍል ውሃዋን ባለቤት ነው።