በልብ ወለድ ዓለማችሁ ጊዜን ለምታዛቡ ወጣት ጸሐፊዎች

የተወደዳችሁ ልጆቼ፣

የሳይንሳዊ ልብ ወለድ ረቂቆችን ሳነብና ሳርም ከሠላሳ ዓመት በላይ ኖሬአለሁ። ጊዜ የሚቆምባቸው፣ ወደ ኋላ የሚመለስባቸው፣ በአንዱ ፕላኔት እየሮጠ በሌላው የሚያዘግምባቸው ብዙ ዓለማት በእጄ አልፈዋል። ሐሳቡን እወደዋለሁ፤ ዛሬም አዲስ ረቂቅ ስከፍት ልቤ በጉጉት ይመታል። አብዛኞቹ የሚሰናከሉት ግን አንድ ቦታ ላይ ነውና ስለዚያ ልጻፍላችሁ።

በብዙ ረቂቆች ውስጥ ጊዜ የዘገየበት ሰው መዘግየቱ ይታወቀዋል። እጁ ይከብደዋል፣ ንግግሩ ይንቀረፈፋል፣ የሰዓቱ ቆጣሪ ሲጎተት ያያል። እንዲህ አይሆንም። የዚያ ሰው ልብ እንደ ወትሮው ነው የሚመታው፤ ሰዓቱም፣ ልቡም፣ ሐሳቡም እኩል ስለሚዘገዩ የሚያመሳክርበት ነገር የለውም። አልበርት አንስታይን እ.ኤ.አ. በ1905 ካስተማረን ነገር አንዱ ይህ ነው፤ ተጓዥ ሁሉ የራሱን ጊዜ ይዞ ይጓዛል፣ ለራሱም ጊዜው ደንበኛ ነው።

ታዲያ መዛባቱ የት ይታያል? ሲገናኙ። ከሁለት መንትያ እህቶች አንዷ በብርሃን ፍጥነት 80 በመቶ በሚበር መንኮራኩር ሄዳ ትመለስ። የቀረችው 10 ዓመት ስትቆይ፣ የተጓዘችው የኖረችው 6 ዓመት ብቻ ነው። በመንገድ ላይ ለሁለቱም እንግዳ ነገር አልደረሰም። አራቱ ዓመት የሚገለጠው በሩ ተከፍቶ ሲተያዩ ነው። እኔ ብሆን መንኮራኩሩን በሁለት አንቀጽ ጨርሼ ሙሉ ምዕራፉን ለዚያ በር እሰጠው ነበር።

ይህ በወረቀት ላይ ብቻ የቀረ ሒሳብ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1971 ጆሴፍ ሃፈሌ እና ሪቻርድ ኪቲንግ የተባሉ ሳይንቲስቶች የሴሲየም ሰዓቶችን፣ ማለትም በአቶም የሚሠሩ እጅግ ትክክለኛ ሰዓቶችን፣ በመንገደኞች አውሮፕላን ጭነው ዓለምን ዞሩ። ወደ ምሥራቅ ሲዞሩ ሰዓቶቹ በ59 ናኖሰከንድ (የሰከንድ ቢሊዮንኛ) ገደማ ወደ ኋላ ቀሩ፤ ወደ ምዕራብ ሲዞሩ በ273 ናኖሰከንድ ገደማ ቀደሙ። ልዩነቱ የታወቀው እዚህም መሬት ላይ ከቀሩት ሰዓቶች ጋር ሲተያዩ ነው።

ስበትም የራሱ ድርሻ አለው። ከፍ ያለ ቦታ የተቀመጠ ሰዓት ይፈጥናል፣ ዝቅ ያለው ይዘገያል። እ.ኤ.አ. በ2010 ሳይንቲስቶች የከፍታ ልዩነታቸው 33 ሳንቲ ሜትር ብቻ በሆነ ሁለት ሰዓቶች መካከል እንኳ ይህን ለክተውታል። እናንተ በዓለማችሁ ውስጥ ልዩነቱን አጉሉት፤ ከዚያ መዘዙን በትዕግሥት ተከተሉት። ሸለቆ ውስጥ የታሰረ ሰው ተራራ ላይ በተቀመጠ ዳኛ አሥር ዓመት ቢፈረድበት በማን ሰዓት ይቆጠርለታል? ወደ ሸለቆው ለሥራ የወረደ አባት ሲመለስ ልጁ በዕድሜ ብትበልጠው፣ ቤቱን የሚመራው ማን ነው? እንዲህ ያለውን ጥያቄ ነው ከረቂቅ ውስጥ የምፈልገው። የማሽኑን አሠራር ለማስረዳት አሥር ገጽ አታጥፉ።

ወደ ኋላ መመለስ ሲሆን ነገሩ ይከብዳል። የሒሳብ ሊቁ ኩርት ጎደል እ.ኤ.አ. በ1949 ከአንስታይን ቀመሮች ተነሥቶ፣ ዩኒቨርሱ በጠቅላላ የሚሽከረከር ቢሆን ተጓዥ ወደ ራሱ ትናንት ሊደርስ እንደሚችል በሒሳብ አሳይቷል። የምንኖርበት ዩኒቨርስ እንዲያ ነው የሚያሰኝ ማስረጃ የለም፤ ለልብ ወለድ ግን በሩ ክፍት ነው። ስትገቡ አንዱን ምረጡ። ወይ የፊዚክስ ሊቁ ኢጎር ኖቪኮቭ እንዳሰበው ተጓዡ የሚያደርገው ሁሉ ቀድሞም የትናንቱ አካል የነበረ ይሁን፣ ወይ ትናንት ይለወጥ። አመቻችሁ ብላችሁ ሁለቱን አታደባልቁ።

ትናንት ይለወጣል ካላችሁ ደግሞ አንድ ረቂቅ ላስታውሳችሁ። የጻፈችው ወጣት ደራሲ ናት። ጀግናው፣ እህቱን ጎርፍ በወሰዳት ቁጥር ቀኑን ይመልሰዋል። መጀመሪያ ስትሞት አለቀስኩ። ሦስተኛው ላይ ምንም ሳይሰማኝ ገጹን ገለጥኩ፤ ጊዜ ላጲስ ሆኖ ሐዘኔን አጥፍቶታልና። በኅዳጉ ላይ «የመጀመሪያውን ሞት ማን ያስታውሰዋል?» ብዬ ጽፌ መለስኩላት። ከወራት በኋላ ታርሞ ሲመጣ ልጅቷ ድናለች። እናትየው ግን ሌሊት ሌሊት ትነሣና በሩ ላይ ቆማ የልጇን ትንፋሽ ታዳምጣለች፤ ለምን እንደምትነሣ ራሷም አታውቅም። ቀኑ ተሰርዟል፣ ፍርሃቱ ግን ከሰውነቷ አልወጣም። በዚህ ጉዳይ ካነበብኩት ሁሉ ልቤን እንደዚያ የነካው የለም።

በሥራው ጀማሪ ሳለሁ የእናትና የልጅ ዕድሜ የማይገጥምበትን ረቂቅ ሳላስተውል ለኅትመት አሳልፌአለሁ። ስህተቱን የነገረኝ አንባቢ ነበር፤ ኀፍረቱ አሁንም አብሮኝ አለ። ከዚያ ወዲህ ደራሲዎችን ሁሉ የምጠይቀውን እናንተንም ልጠይቃችሁ። የመጀመሪያውን ምዕራፍ ከመጀመራችሁ በፊት በአንድ ወረቀት ላይ ለእያንዳንዱ ገጸ ባሕርይ አንድ መስመር አስምሩ፤ ዓመቶቹንም በራሱ ሰዓት ቁጠሩለት። መስመሮቹ በሚገናኙበት ቦታ ሁሉ የሁለቱንም ዕድሜ ጻፉ። አጠገቡም አንዱ ኖሮበት ሌላው ያመለጠውን አንድ ነገር አስቀምጡ፤ ያልደረሰበት ቀብር ይሁን፣ ሲበቅል ያላየው የልጅ ጥርስ። ረቂቁን ስትልኩልኝ ያን ወረቀት አብራችሁ ላኩት፤ አስቀድሜ የማነበው እሱን ነው።