መልስ፦ በነፃ ከተጠቀምኩ ሸቀጡ ምንድን ነው?

ሸቀጡ ትኩረትሽ ነው። ገንዘብ አለመክፈልሽ ይህን አይቀይረውም።

«ፌስቡክን በነፃ ነው የምጠቀመው፤ የመመረቂያ ጽሑፍ አማካሪዬ ግን ‹ታዲያ የሚሸጠው ምንድን ነው?› አለኝ» ብለሻል። መልሱ ሜክሲኮ አካባቢ ጫማ የሚሸጠው ልጅ ጋ አለ። ማስታወቂያውን ፌስቡክ ላይ ቡስት ሲያደርግ፣ ማለትም ለብዙ ሰው እንዲታይለት ሲያዝ፣ ዕድሜ ይመርጣል፣ ከተማ ይመርጣል፣ ከዚያ ይከፍላል። የገዛው ያንቺን ዓይን ነው። የፌስቡክ ባለቤት ሜታ እ.ኤ.አ. በ2023 ካስገባው 134.9 ቢሊዮን ዶላር ውስጥ ከ131 ቢሊዮን በላዩ የማስታወቂያ ገንዘብ ነበር።

ሐሳቡን ካናዳዊው የመገናኛ ብዙኃን ተመራማሪ ዳላስ ስማይዝ በ1977 እ.ኤ.አ. ስለ ሬዲዮና ቴሌቪዥን ሲጽፍ አንስቶታል። ለአስተዋዋቂው የሚሸጠው ተመልካቹ ነው ይላል፤ ማየቱን ራሱን ሥራ ያደርገዋል። ሌሎች ደግሞ ደሞዝ የሌለበትን ነገር ሥራ ማለት ይከብዳል፣ ትርፉ ከኪራይ ጋር ይቀራረባል፣ ባለቤቱ የማስታወቂያ ቦታውን እንደሚያከራይ ነው ይላሉ። እኔ ወደ ኪራዩ አደላለሁ። አንቺ አንዱን ምረጪና የጽሑፍሽ የንድፈ ሐሳብ ክፍል ላይ በግልጽ ጻፊው። ሁለቱን ከቀላቀልሽ ትንተናሽ መያዣ ያጣል።

አንድ ነገር ግን ተጠንቀቂ። እኔ መመረቂያዬን ስሠራ 4 ኪሎ አካባቢ ያሉ ተማሪዎችን ብቻ ነበር ያነጋገርኩት። ፈታኙ «ገዢው የታለ?» ሲለኝ መልስ አጣሁ። እንደገና ማስታወቂያ የሚከፍሉ ነጋዴዎችን ፍለጋ ወጣሁ፤ አንድ ወር ፈጀብኝ። አንቺ ከመጀመሪያው ሦስት አራት ነጋዴ አነጋግሪ። ስንት እንደከፈሉም፣ ሲከፍሉ ማንን እንደመረጡም ጠይቂ። ስልካቸው ላይ ያሳዩሻል።