ከስልክ በዜንደር የተላከ ጌም ታብሌት ላይ ለምን አይሠራም?

ጥያቄ፦ የምንኖረው ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ነው። ለልጆቼ ከመርካቶ ባለ 7 ኢንች አንድሮይድ ታብሌት ገዛሁላቸው፤ ካርቶኑ ላይ ራም 2 ጂቢ፣ ሜሞሪ 32 ጂቢ ይላል። ቤት ዋይፋይ ስለሌለን ስልኬ ላይ ያሉትን ጌሞች በዜንደር ላክሁበት። አንዱ «አፕ ኖት ኢንስቶልድ» ብሎ እምቢ አለ። ሌላው ተጫነ፣ ግን ገና ስነካው ተመልሶ ይዘጋል። ሦስተኛው ከተከፈተ በኋላ 600 ሜጋባይት ላውርድ ይላል። ከስልኬ ኔት ሰጥቼው ፕሌይ ስቶር ስገባ ደግሞ «ኢንተርኔት የለም» ይለኛል። ታብሌቱ ብልሽት አለበት እንዴ?

መልስ፦ እህቴ፣ ከነገሩን ውስጥ የታብሌት ብልሽት የሚመስል ነገር የለም። አራቱም ምልክቶች የየራሳቸው ምክንያት ስላላቸው አንድ መድኃኒት አይበቃቸውም። ከፕሌይ ስቶር እንጀምር፤ እሱ ካልተስተካከለ ሌላው መንገድ ሁሉ ዝግ ነው።

ኔት እያለ «የለም» የሚል ታብሌት ሲያጋጥም መጀመሪያ የሚታየው ቀኑ ነው። ርካሽ ታብሌቶች ባትሪያቸው ሙልጭ ብሎ ሲያልቅ ቀኑን ይረሱና ወደ ፋብሪካው ቀን ይመለሳሉ። ከዚያ ቤት ያለ ሰው በእጁ ሲሞላ በኛ አቆጣጠር ይሞላዋል፤ ታብሌቱ ግን የሚያውቀው የፈረንጆቹን ብቻ ስለሆነ ሰባት ስምንት ዓመት ወደ ኋላ ይቀራል። ጉግል ለግንኙነቱ የሚያሳየው የደህንነት ሰርተፍኬት ደግሞ የሚጀምርበትና የሚያበቃበት ቀን አለው። በታብሌቱ ቀን ሲታይ ሰርተፍኬቱ ገና አልተጀመረም፤ ስለዚህ ግንኙነቱን ይዘጋዋል፤ ለእርስዎ የሚታየው ግን «ኢንተርኔት የለም» የሚል ጽሑፍ ብቻ ነው። ሴቲንግስ፣ ከዚያ ሲስተም፣ ከዚያ ዴት ኤንድ ታይም ይግቡ። ታይም ዞኑን ጂኤምቲ+3 ያድርጉት፤ አዲስ አበባ ወይም ናይሮቢ የሚለው ነው። ቀኑን ደግሞ ስልክዎ ላይ ከሚታየው የፈረንጅ ቀን ይገልብጡ። ስልኩ አጠገብዎ ከሌለ በኛ ዓመት ላይ ከመስከረም እስከ ፈረንጆቹ አዲስ ዓመት 7፣ ከዚያ በኋላ 8 ይደምሩ። ሰዓቱም እንዲሁ ነው፤ የኛ ጠዋት 2 ሰዓት እዚያ 8፡00 ተብሎ ይገባል። ቀኑ ተስተካክሎም ካልከፈተ ሴቲንግስ ውስጥ አፕስ፣ ጉግል ፕሌይ ስቶር፣ ፎርስ ስቶፕ፣ ቀጥሎ ስቶሬጅ ውስጥ ክሊር ካሽ ይበሉና እንደገና ይሞክሩ።

ወደ ዜንደሩ ስንመጣ፣ ብዙ ሰው ጌም ማለት አንድ ኤፒኬ (የአፕ መጫኛ) ፋይል ነው ብሎ ያስባል። ዱሮ እንደዚያ ነበር። ከነሐሴ 2021 በፈረንጆቹ ጀምሮ ግን ጉግል አዲስ አፖች በሙሉ «አፕ በንድል» በሚባለው አሠራር እንዲገቡ ስላስገደደ ፕሌይ ስቶር ለእያንዳንዱ መሣሪያ የሚያወርደው የተቆራረጠ ነው፦ አንድ ዋና ፋይል፣ ለፕሮሰሰሩ የሚሆን አንድ፣ ለስክሪኑ ጥራት የሚሆን አንድ፣ ለቋንቋው የሚሆን አንድ። ስልክዎ ላይ ያለው ጌም በስልክዎ ልክ የተሰፋ ልብስ ነው። የፋይል መላኪያ አፕ ዋናውን ፋይል ብቻ አንሥቶ ከላከው ወይ «አፕ ኖት ኢንስቶልድ» ይላል፣ ወይ ይጫንና ሲከፈት የጎደለውን ሲያጣ ወዲያው ይዘጋል። የእርስዎ የመጀመሪያዎቹ ሁለት ጌሞች ነገር በብዛት ይሄ ነው።

ሙሉው ቢላክ እንኳ ሌላ እንቅፋት አለ። ራማቸው 2 ጂቢ የሆኑ ርካሽ ታብሌቶች፣ ለምሳሌ ኦልዊነር ኤ133 ፕሮሰሰር ያላቸው፣ ፕሮሰሰሩ 64 ቢት በሚባለው አዲሱ አሠራር መሥራት ቢችልም ራም ለመቆጠብ ብዙ ጊዜ በቀድሞው 32 ቢት አሠራር የሚሄድ አንድሮይድ ይጫንባቸዋል። የአሁኑ ስልክ ግን 64 ቢት ነው፤ ስለዚህ ከፕሌይ ስቶር የወሰደው የፕሮሰሰር ፋይል 64 ነው፤ ታብሌቱ ሊያነበው አይችልም። ይህንን በግምት አይወስኑ። አይዳ64 የሚባለውን ነፃ አፕ ከፕሌይ ስቶር ያውርዱ፤ ትንሽ ነው። ሲፒዩ የሚለውን ከፍተው «ሳፖርትድ ኤቢአይስ» ከሚለው መስመር ላይ 64 የሚል ቁጥር ያለበት ስም ይፈልጉ። ከሌለ ታብሌቱ 32 ነው፤ ከስልክዎ የሚላክ ጌም አብዛኛውን ጊዜ አይሆነውም፤ ታብሌቱ ራሱ ከፕሌይ ስቶር ማውረድ አለበት። እዚያው ሳሉ የአንድሮይዱን ቁጥርና ራሙንም ይመልከቱ፤ ካርቶን ላይ የተጻፈው ሁልጊዜ ውስጡ ያለው አይደለም።

64 ሆኖ ከተገኘ ዳታ ሳያወጡ ማስተላለፍ ይቻላል፤ ግን በዜንደር ሳይሆን በራሱ በፕሌይ ስቶር ነው። በሁለቱም ላይ ፕሌይ ስቶርን ከፍተው ከላይ ያለችውን የአካውንት ምስል ይንኩ፤ «ማኔጅ አፕስ ኤንድ ዲቫይስ» ውስጥ «ሼር አፕስ» የሚል አለ። ስልኩ ላይ ሴንድ፣ ታብሌቱ ላይ ሪሲቭ ይበሉ። ብሉቱዝና ሎኬሽን ይብሩ፤ ሁለቱን መሣሪያዎች ጠረጴዛ ላይ ጎን ለጎን ያድርጓቸው። ሁለቱም ስክሪን ላይ የሚመጣው ኮድ አንድ ዓይነት መሆኑን አይተው ይፍቀዱ፤ ሲጨርስ ታብሌቱ ላይ ኢንስቶል ይንኩ። ይህ መንገድ የተቆራረጡትን ፋይሎች አንድ ላይ ይዞ ይሄዳል፣ ፋይሉ ያልተነካካ መሆኑንም ይመረምራል፣ በኋላ አፕዴት ሲመጣም በሥርዓቱ ይቀበላል።

32 ከሆነ የስልክዎን ሆትስፖት መጠቀም ግድ ነው። ፓኬጅ በአንድ ሌሊት የሚያልቀውም እዚህ ላይ ነው፤ ምክንያቱ ደግሞ ጌሙ አይደለም። አዲስ ታብሌት ኔት እንዳገኘ ፕሌይ ሰርቪስስ፣ ክሮም፣ ዩቲዩብ፣ ሌላውም አብሮ የመጣው አፕ ሁሉ ራሱን ማደስ ይጀምራል፤ ሆትስፖት ለእሱ ዋይፋይ ነው፣ ገንዘብ የሚቆጥር መሆኑን ላያውቅ ይችላል። ፕሌይ ስቶር የሚያወርደው በወረፋ ስለሆነ የእርስዎ ጌም «ፔንዲንግ» እያለ ይቆማል፣ ዳታው ግን በሌላው ያልቃል። ስለዚህ ከዋይፋይ ዝርዝሩ ላይ የስልክዎን ስም እንዳገናኙ ወዲያው ከጎኑ ያለችውን የማስተካከያ ምልክት ነክተው ኔትወርክ ዩሴጅ ውስጥ «ትሪት አዝ ሚተርድ» ያድርጉት። ቀጥሎ ፕሌይ ስቶር ሴቲንግስ፣ ኔትወርክ ፕሪፈረንስስ፣ ኦቶ አፕዴት አፕስ የሚለውን «ዶንት» ያድርጉት፤ እዚያው ያለውን የዳውንሎድ ምርጫ ደግሞ «ኦቨር ኤኒ ኔትወርክ»። እነዚህን ሳያስተካክሉ ሆትስፖት አብርተው አይተኙ።

ከማውረድዎ በፊት የጌሙ ገጽ ላይ መጠኑን ይዩ። «አባውት ዚስ ጌም» የሚለውን ሲከፍቱ ከታች የዳውንሎዱ መጠን ይገኛል፤ የእርስዎ ሦስተኛው ጌም ዓይነት ከሆነ ግን ያ መጠን የመግቢያው ብቻ ነው። እንዲህ ያሉ ጌሞች ቀለል ብለው ይጫኑና ሥዕሉን፣ ድምፁን፣ ሜዳውን ሁሉ ከተከፈቱ በኋላ ከራሳቸው ሰርቨር ያወርዳሉ። ያኛው 600 ሜጋባይት ስልክዎ ላይ አለ፤ ነገር ግን አንድሮይድ/ዳታ የሚባል ፎልደር ውስጥ ነው የሚቀመጠው፤ መላኪያ አፖች ያንን ይዘው አይሄዱም፤ ከአንድሮይድ 11 ወዲህ ደግሞ ሌላ አፕ ያንን ፎልደር ማየት ተከልክሏል። በኮምፒውተር ኬብል ከስልክ ወደ ታብሌት መገልበጥ የሚሞክሩ አሉ። ለዱሮዎቹ፣ ኦቢቢ የሚባል አንድ ትልቅ ፋይል ላላቸው ጌሞች፣ ይሠራል፤ ፋይሉ አንድሮይድ/ኦቢቢ ውስጥ በጌሙ መለያ ስም በተሰየመ ፎልደር መቀመጥ አለበት፣ ስሙ ውስጥ ያለው የቨርዥን ቁጥርም ከተጫነው ጌም ጋር መግጠም አለበት፤ አንድ ፊደል ከተቀየረ ጌሙ አያየውም። ለአሁኖቹ ግን ድካሙ ከዳታው ዋጋ ይበልጣል።

ስለዚህ 600ውን የሚያወርዱ ከሆነ በሌሊት ፓኬጅ ያድርጉት፤ በ999 ከሚገኙት ውስጥ ለዚህ ሥራ የሚሻለው እሱ ነው። ታብሌቱ ቻርጀር ላይ ይሁን፣ ባትሪ ሴቨር ይጥፋ፣ የስክሪኑ መጥፊያ ጊዜ በተቻለ መጠን ረጅም ይሁን፤ ብዙ ጌሞች ስክሪኑ ሲጠፋ ማውረዱን ያቆማሉ። በናንተ ሰፈር መብራት ድንገት ስለሚሄድ ስልኩም ቀድሞ ሙሉ ቻርጅ ይደረግ፤ ሆትስፖት ባትሪ ይበላል። ከመሃል ከተቋረጠ አይደንግጡ፣ ጌሙን መልሰው ሲከፍቱት አብዛኛው ካቆመበት ይቀጥላል። አንድ ነገር ብቻ አያድርጉ፦ «ተበላሽቷል» ብለው ክሊር ዳታ አይንኩ፤ የወረደው በሙሉ ይጠፋል። ክሊር ካሽ ግን ምንም አይልም።

አውርደው እንደጨረሱ ጌሙን አንድ ዙር ይጫወቱት፤ ከዚያ ይዝጉት፣ ኤርፕሌን ሞድ ያድርጉና እንደገና ይክፈቱት። ያለ ኔት ከከፈተ ለልጆቹ ሊሰጥ ይችላል። ሰብዌይ ሰርፈርስ፣ ሂል ክላይምብ ሬሲንግ፣ ሉዶ ኪንግ ያለ ኔት ይጫወታሉ፤ በዚህ ዓይነት ታብሌትም ላይ አይከብዱም። ፐብጂ ሞባይልና ኢፉትቦል ግን ኔት ከሌለ አይሆኑም፤ ባለ 2 ጂቢ ራም ላይ ደግሞ ኔት ኖሮም ሥቃይ ናቸው። እውነቱን ለመናገር ዋይፋይ ለሌለው ቤት እነሱን መጫን ዳታ መጣል ነው።

ቦታውን በተመለከተ፣ ከ32 ጂቢ ውስጥ ሲስተሙ ብዙ ስለሚወስድ ባዶው ካሰቡት ያንሳል። ጌም ሲጫን የወረደው ፋይልና የሚዘረጋው ፋይል ለትንሽ ጊዜ አብረው ስለሚቀመጡ ከጌሙ መጠን ቢያንስ እጥፍ ባዶ ቦታ ይተዉ። ርካሽ ታብሌቶች ላይ ሴቲንግስ የሚያሳየው ቁጥር ራሱ የተጭበረበረ ሊሆን ይችላል፤ ማረጋገጫው ትላልቅ ቪዲዮ ፋይሎች እስኪሞላ ድረስ ገልብጦ መጀመሪያ የገቡትንና መጨረሻ የገቡትን ማጫወት ነው። አንዱ ካልተጫወተ ሜሞሪው የተጻፈውን ያህል አይደለም፤ ጌሞችም «ተበላሽቷል» እያሉ የሚቆሙት በዚህ ነው፤ እንዲህ ያለውን ለሻጩ መመለስ እንጂ ማስተካከል አይቻልም።

ሜሞሪ ካርድ መፍትሔ ይመስላል፤ ለጌም ግን ደካማ ነው። አንዳንድ ታብሌት ካርዱን እንደ ውስጥ ሜሞሪ እንዲያደርጉት ይፈቅዳል፤ ሲፈቅድ ካርዱን መጀመሪያ ያጠፋዋል፣ ከዚያም ይቆልፈዋል፣ ሌላ መሣሪያ ላይ አይነበብም፣ ከወጣም ጌሞቹ አብረው ይጠፋሉ። ካርዱ ላይ ኤ1 የሚል ምልክት ከሌለ ደግሞ ጌሙ እየተንቀረፈፈ ልጆቹን ያበሳጫል። ፊልሙን፣ ፎቶውን፣ የልጆች መዝሙሩን ወደ ካርዱ ያዙሩ፤ ውስጡ ለጌም ይትረፍ።

ሞባይል ቤት ወስደው «ጌም ሙሉልኝ» ማለት ቀላል ነው። የሚሞሉት ፋይል ብዙ ጊዜ ሳንቲሙ ያልተገደበ የተባለ የተነካካ ቅጂ ነው። ዋናው ባለቤት ያልፈረመበት ስለሆነ በኋላ እውነተኛውን በላዩ ለመጫን ሲሞክሩ ፊርማው አይገጥምም፣ ያው «አፕ ኖት ኢንስቶልድ» ይመጣል። አሁንም እምቢ ያለዎት ጌም ከመሸጫው ተጭኖ የመጣ እንዳይሆን ይመልከቱ፤ ከሆነ መጀመሪያ እሱን አጥፍተው ነው አዲሱን የሚጭኑት። «ፓርስ» የሚል ቃል ያለበት ስሕተት ካመጣ ግን ወይ ፋይሉ ሲገለበጥ ተቆርጧል፣ ወይ ጌሙ የሚፈልገው አንድሮይድ ከታብሌቱ ይበልጣል። ለዜንደር ብለው የፈቀዱትን «ኢንስቶል አንኖውን አፕስ»ም አሁን መልሰው ይዝጉት፤ ከአንድሮይድ 8 ወዲህ ፈቃዱ ለእያንዳንዱ አፕ ለየብቻ ስለሆነ ዜንደርም ክሮምም ላይ ማየት አለብዎት።

ይህ ሁሉ ፕሌይ ስቶር ላለው ታብሌት ነው። ዘመድ ከአሜሪካ የላከው አማዞን ፋየር የሚል ከሆነ ፕሌይ ስቶር አብሮት አይመጣም፣ የራሱ አፕስቶር ነው ያለው።

ለልጆቹ ከመስጠትዎ በፊት ፕሌይ ስቶር ሴቲንግስ ውስጥ ፋሚሊ፣ ፓረንታል ኮንትሮልስ ገብተው ልጆቹ የማያውቁት ፒን ያስገቡ፣ የዕድሜ ገደቡንም ይምረጡ። ጌሙ በየመሃሉ ማስታወቂያ የሚያመጣባቸው ከሆነ ኤርፕሌን ሞድ አድርጎ መስጠት አብዛኛውን ያስቀረዋል። ቻርጀሩም 5 ቮልት 2 አምፔር የሆነው ይሁን፤ በ1 አምፔር የስልክ ቻርጀር ተሰክቶ እየተጫወቱበት ባትሪው ቢወርድ ታብሌቱ ተበላሸ ብለው እንዳይመልሱት።