የካፒቶል ቅስት ለምን ወደቀ? ስለ ላትሮብ የቀረቡ ጥያቄዎች

ጥያቄ፦ የአሜሪካ ምክር ቤት የሚሰበሰብበትን የካፒቶልን ንድፍ በውድድር ያሸነፈው ሐኪሙ ዊልያም ቶርንተን እንደሆነ አንብቤአለሁ። ታዲያ የቤንጃሚን ሄንሪ ላትሮብ ስም ከሕንፃው ጋር አብሮ የሚነሣው ለምንድን ነው?

መልስ፦ ቶርንተን የሳለው ያማረ መልክ ነበር፤ ሕንፃው በምን እንደሚቆም የሚያውቅ ግን ሌላ ሰው ያስፈልግ ነበር። ላትሮብ በ1764 በእንግሊዝ ዮርክሸር ተወልዶ በሎንደን ሙያውን የተማረ አርክቴክትና መሐንዲስ ነው። በ1796 ቨርጂኒያ ገባ፤ በ1803 ፕሬዚዳንት ጄፈርሰን የመንግሥት ሕንፃዎችን ሥራ ሰጡት። በ1800 ሥራ የጀመረው ሰሜናዊ ክንፍ ያን ጊዜ ጣሪያው ያፈስ፣ የውስጥ እንጨቱም ይበሰብስ ነበር። ላትሮብ እንጨቱን አስወጥቶ በምትኩ የጡብና የድንጋይ ቅስት፣ ማለትም ጎብጦ የተገነባ ጣሪያ፣ ለመሥራት ወሰነ። ትልቁ ውለታው ይህ ነው ብለን እናምናለን፤ ቅስት አይበሰብስም፣ እሳትም አይበላውም።

ጥያቄ፦ በ1808 በካፒቶል ውስጥ የነበረው የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ አዳራሽ ቅስት የተደረመሰው በንድፉ ስሕተት ነው ወይስ በአሠራር?

መልስ፦ ሁለቱም አሉበት። የግንባታው ተቆጣጣሪ ጆን ሌንታል የእንጨት ወጪ ለመቀነስ ብሎ የቅስቱ አሠራር እንዲለወጥ ሐሳብ አቀረበ፤ ላትሮብም ተስማማ። በመስከረም ወር ሌንታል ደጋፊውን እንጨት ያለጊዜው ሲያስነቅል ቅስቱ ወረደበትና ሞተ።

ነገሩን ለመረዳት ቅስት ሸክሙን እንዴት እንደሚያስተላልፍ ማወቅ ይበቃል። ክብደቱ ወደ ታች ብቻ አይወርድም፤ ግድግዳውን ወደ ውጭም ይገፋል። የመጨረሻው የአናት ድንጋይ እስኪገባ ድረስ ራሱን ስለማይችል ከሥሩ በቅርጹ የተሠራ እንጨት ይሸከመዋል። ግንበኛው ከሁለቱም ወገን እኩል እየገነባ ይወጣል፤ አንዱ ወገን ከቀደመ እንጨቱ ይጣመማል። አናቱ ከተዘጋ በኋላ በቅስቱ ትከሻና በግድግዳው መካከል ያለው ክፍተት በግንብ ይሞላል፤ ይህ ካልሆነ ትከሻው ወደ ውጭ ያብጣል። ከዚያ መጠበቅ ነው። የዚያ ዘመን ማጣበቂያ ኖራ ነው፤ ኖራ የሚጠነክረው ከአየር ጋር እየተገናኘ ስለሆነ ወፍራም ግንብ ውስጥ ያለው ለብዙ ጊዜ ለስላሳ ሆኖ ይቆያል። ድጋፉም በአንድ ቀን አይነቀልም፦ ከእግሩ ሥር ያለው ሽብልቅ በጥቂት በጥቂቱ ይላላል፣ ቅስቱ ሲቀመጥ ይታያል፣ ስንጥቅ ከታየ ሽብልቁ ተመልሶ ይመታል። እንጨቱ ቀድሞ ከተነሣ ለስላሳው ኖራ ይጨመቃል፣ ቅስቱ ይዘረጋል፣ አናቱ ይወርዳል።

ላትሮብ ከሌንታል ሞት በኋላም ከቅስት አልራቀም፤ አዳራሹን እንደገና በቅስት ሠራው። በነሐሴ 1814 የእንግሊዝ ወታደሮች ሕንፃውን ሲያቃጥሉ በተወካዮች አዳራሽ የነበሩት የአሸዋ ድንጋይ ዓምዶች በሙቀቱ ተሰነጣጠቁ፤ በቅስት የተሸፈነው ትንሹ የመግቢያ ክፍል ግን ተረፈ። በራሳቸው ላይ የበቆሎ እሸት የተቀረጸባቸው ስድስት ዓምዶች እዚያው ናቸው።

ጥያቄ፦ ላትሮብ ለፊላደልፊያ ከተማ ውኃ ለማቅረብ የሠራው የውኃ ሥራ ለምን ተተወ?

መልስ፦ በ1801 የተከፈተው ያ ሥራ ሁለት የእንፋሎት ሞተሮች ነበሩት፦ አንዱ በስኩልኪል ወንዝ ዳር፣ ሌላው በከተማዋ መሃል በሴንተር ስኩዌር። የመጀመሪያው ከወንዙ ይስባል፣ ሁለተኛው ወደ ማጠራቀሚያው ያወጣል። ተከታትለው ስለሚሠሩ አንዱ ሲቆም ሁሉም ይቆማል፤ ማጠራቀሚያው ደግሞ ትንሽ ነበር። ውኃውን ወደ ቤቶች የሚያደርሱት ተቦርቡረው የተያያዙ የእንጨት ግንዶች ነበሩ። በ1815 በዚያው ከተማ ፌርማውንት በተባለ ስፍራ በተሠራው ተተካ።

ጥያቄ፦ ዛሬ ሊታይ የሚገባው ሥራው የትኛው ነው?

መልስ፦ ያለ ማመንታት የባልቲሞር ካቴድራል። በ1806 ተጀምሮ፣ ላትሮብ በ1820 በኒው ኦርሊንስ በቢጫ ወባ ከሞተ በኋላ፣ በ1821 ተመረቀ። ለካፒቶል ጄፈርሰን የፈለጉት ሰማይ የሚያሳይ መስታወት ጣሪያ ነበር፤ ላትሮብ መስታወቱ ያፈሳል ብሎ ተከራክሯል። እዚህ ግን በራሱ መንገድ ሄደ፦ ጉልላቱ ሁለት ነው። የውጩ ከእንጨት ተሠርቶ 24 መስኮቶች አሉት፤ የውስጡ ከግንብ ሆኖ መሃሉ ክፍት ነው። ብርሃኑ በሁለቱ መካከል ተንጸባርቆ በክፍቱ ይወርዳል፣ ምእመኑም መስኮቶቹን አያይም። መስኮቶቹ በ20ኛው ክፍለ ዘመን ተዘግተው ነበር፤ በ2006 በተጠናቀቀው እድሳት ተከፍተዋል። ስትገቡ በቀጥታ ከጉልላቱ ሥር ቁሙ፣ ብርሃኑ ከየት እንደሚመጣ ፈልጉ።